ጓዳ ገብቶ ገመና ያላወጣው ካሜራ

“ገዳይ” በእኛ ቋንቋ የክብር ቃል ነው። በፉከራና በቀረርቶ የሚወደሰው አንበሳ ገዳይ ነው፣ ዝሆን ገዳይ ነው፣ ጠላት ገዳይ ነው። በግ ገድሎ የፎከረ ጀግና ግን ሰምተን አናውቅም። ቻርልስ በርኔት የተባለው ጥቁር አሜሪካዊ ፊልም ሠሪ የመጀመሪያ ረጅም ፊልሙን “ኪለር ኦቭ ሺፕ” ብሎ ሲሰይም የእኛን ፉከራ አስቦ እንዳልነበረ ግልጽ ነው፤ ርእሱ ወደ አማርኛ ተመልሶ “በግ ገዳይ” ሲባል ግን ከፊልሙ መንፈስ ጋር ፍጹም የሚስማማ ምጸት ይወጣዋል። ባለታሪኩ ስታን በቄራ ተቀጥሮ የሚሠራ፣ በዚያች ደመወዝ ሚስቱንና ሁለት ልጆቹን የሚያስተዳድር፣ ሌሊት እንቅልፍ የራቀው ጎልማሳ ነው። የሚፎክርበት አንዳች ድል የለውም። ፊልሙም ድል ሊፈጥርለት አይሞክርም።

ስለ በርኔት ልጽፍ የተነሣሁት ሥነ ጽሑፍ ወዳድ አንባቢ ከእርሱ ጋር ቶሎ ይግባባል ብዬ ስለማምን ነው። ሥራዎቹ ከልብ አንጠልጣይ ፊልም ይልቅ ለአጭር ልብ ወለድ ይቀርባሉ፤ አንድን ሰው ከቤቱ፣ ከትዳሩ፣ ከጎረቤቱና ከድካሙ ጋር አስቀምጠው ረጋ ብለው ይመለከቱታል። እንዲህ መመልከት ምን ዋጋ እንዳስከፈለው ደግሞ የሥራ ታሪኩ ይመሰክራል። (የምጠቅሳቸው ዓመታት በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

በርኔት በ1944 በሚሲሲፒ ግዛት፣ ቪክስበርግ በተባለች ከተማ ተወለደ። ገና ልጅ ሳለ ቤተሰቡ ወደ ሎስ አንጀለስ ስለ ተሰደደ ያደገው ዋትስ በሚባለው የጥቁሮች ሰፈር ነው። በዚያ ዘመን ከደቡቡ የዘር መድልዎና ከጥጥ እርሻው የሸሹ ጥቁር ቤተሰቦች ወደ ሰሜንና ወደ ምዕራብ ከተሞች ይጎርፉ ነበር። ከጓዛቸው ጋር የደቡቡን አነጋገር፣ የቤተ ክርስቲያኑን ዜማ፣ ስለ ገድና ስለ መድኃኒት የነበራቸውን እምነት አምጥተዋል። ይህ ሁሉ በኋላ ለበርኔት ጥሪቱ ሆነለት። በነሐሴ 1965 ፖሊስ አንድ ጥቁር ወጣት ሾፌር ሲይዝ በተቀሰቀሰው ዓመፅ ዋትስ ስድስት ቀን ነደደች፤ 34 ሰዎችም ሞቱ። ከዚያ ወዲያ ስሟ በጋዜጣ የሚነሣው ከእሳትና ከፖሊስ ጋር ሆነ። እሳቱ ከጠፋ በኋላ እዚያው ስለሚኖሩት፣ ጠዋት ተነሥተው ወደ ሥራ ስለሚሄዱት ሰዎች የሚጠይቅ ጥቂት ነበር።

በርኔት መጀመሪያ የተማረው ኤሌክትሮኒክስ ነበር። ኋላ ሐሳቡን ለውጦ በካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ የሎስ አንጀለስ ቅርንጫፍ፣ በተለምዶ ዩ.ሲ.ኤል.ኤ. በሚባለው፣ የፊልም ትምህርት ቤት ገባ። እዚያ ካስተማሩት መካከል በ1930ዎቹ የዘጋቢ ፊልም ሥራዎቹ ስም ያተረፈው እንግሊዛዊው ባዚል ራይት ይገኝበታል፤ የሚቀረጸውን ሰው በአክብሮት መቅረብን ከእርሱ እንደ ተማረ በርኔት ደጋግሞ ተናግሯል። ይህ አክብሮት ከማንኛውም የቴክኒክ ችሎታ በላይ የበርኔት መለያ ሆኖ የቀረ ይመስለኛል።

በዚያው ትምህርት ቤት አንድ የጎንደር ልጅም ነበር። ኃይሌ ገሪማ በ1967 ቲያትር ሊያጠና ወደ ቺካጎ ሄዶ፣ ከጥቂት ዓመታት በኋላ ፊልም ሊማር ወደ ሎስ አንጀለስ ተሻግሯል። በዩኒቨርሲቲው ለረጅም ዘመን ያስተማሩትና በ1982 ስለ ሦስተኛው ዓለም ሲኒማ ባሳተሙት መጽሐፍ የሚታወቁት ፕሮፌሰር ተሾመ ገብርኤልም (በ2010 አርፈዋል) ኢትዮጵያዊ ነበሩ። ጁሊ ዳሽ፣ ቢሊ ውድቤሪ፣ ላሪ ክላርክና ሌሎችም የተካተቱበት ያ የጥቁር ተማሪዎች ስብስብ በኋላ በታሪክ ጸሐፊዎች ዘንድ “ኤል.ኤ. ሪቤሊየን”፣ የሎስ አንጀለስ ዓመፅ ልንለው እንችላለን፣ የሚል ስም ወጣለት። ያመፁበት ነገር ግልጽ ነው። በ1971 “ሻፍት”፣ በ1972 ደግሞ “ሱፐር ፍላይ” ወጥተው ገበያው ሽጉጥ ባነገቡ፣ ቆዳ ካፖርት በደረቡ ጥቁር ጀግኖች ተጥለቅልቆ ነበር። ተማሪዎቹ እነዚህን ፊልሞች አይተው “ይህ የየትኛው ሰፈር ሰው ነው?” አሉ። አንዱ የሌላውን ካሜራ እየያዘ፣ አንዱ ለሌላው ድምፅ እየቀረጸ የራሳቸውን ሰፈር ሰው ማሳየት ጀመሩ።

ኃይሌ በ1975 “ቡሽ ማማ” የተባለውን ፊልሙን ሲያጠናቅቅ ካሜራውን ከያዙት ሁለት ሰዎች አንዱ በርኔት ነበር። በፊልሙ መክፈቻ የምናየው ፖሊስ የፊልሙን ሠራተኞች አስቁሞ ሲፈትሽ በእውነት የተቀረጸ ነው። የኃይሌ ፊልም ከዚያች ቅጽበት ጀምሮ ጩኸት ነው፤ ባለታሪኳ ዶሮቲ ከመንግሥት ድጎማ፣ ከፖሊስና ከእስር ቤት ጋር ተጋፍጣ በመጨረሻ የነቃች ሴት ትሆናለች። በርኔትም ያንኑ ሰፈር፣ በዚያው ዘመን፣ በዚያው ጥቁርና ነጭ ቀለም ቀርጿል። የእርሱ ስታን ግን አይነቃም፤ ይልቁንስ መተኛት ያቃተው ሰው ነው። ሁለቱ ባልንጀሮች በአንድ ቁጣ ተነሥተው በሁለት መንገድ ሄዱ ብል ማጋነን አይሆንብኝም። የኃይሌን መንገድ እኛ ከ“ምርት ሦስት ሺህ ዓመት” እስከ “ጤዛ” ድረስ እናውቀዋለን። የበርኔትን ግን ብዙዎቻችን አናውቅም።

“ኪለር ኦቭ ሺፕ” ለማስተርስ ዲግሪ ማሟያ የተሠራ የተማሪ ፊልም ነው። በርኔት ጻፈው፣ አዘጋጀው፣ ካሜራውን ራሱ ያዘ፣ ራሱ ቆርጦ ቀጠለው። በ1970ዎቹ መጀመሪያ በቅዳሜና እሑድ፣ ገንዘብ በተገኘ ቁጥር እየተቀረጸ በ1977 ለትምህርት ቤቱ ቀረበ። ጠቅላላ ወጪው 10,000 ዶላር አይሞላም። ተዋንያኑ አብዛኞቹ የሰፈር ሰዎችና የሰፈር ልጆች ናቸው፤ የስታን ትንሽ ልጅ ሆና የተጫወተችው የበርኔት የእኅት ወይም የወንድም ልጅ የሆነች ዘመዱ ነበረች። ለስታን የታሰበው ሰው እስር ቤት ሆኖ ፍቺውን ሲጠባበቅ ጊዜው ስለ ገፋ፣ በርኔት በአሳንሰር ውስጥ ያገኘውን ሄንሪ ጌይል ሳንደርስን መረጠ። ሳንደርስ በቬትናም የዘመተ ሰው ነው። ድካምን “ሲተውን” አይታይም፤ ፊቱ ላይ አለ።

የፊልሙን ታሪክ ልንገራችሁ ብል አልችልም፤ የሚነገር የለውምና። ልጆች በባዶ ሜዳ ድንጋይ ይወራወራሉ፤ ከአንዱ ቤት ጣራ ወደ ሌላው ጣራ ሲዘሉ ካሜራው ከታች ሆኖ በሰማይ ላይ እንደ ወፍ ያሳየናል። ሁለት ሰዎች መጥተው ስታንን ለወንጀል ሥራ ሊያግባቡት ይሞክራሉ፤ ሚስቱ በደጃፉ ደረጃ ላይ ቆማ በአንደበቷ አሳፍራ ትመልሳቸዋለች። (ይህች ሴት፣ ኬይሲ ሙር የተጫወተቻት፣ በፊልሙ ሁሉ ስም የላትም፤ “የስታን ሚስት” ብቻ ናት። ከፊልሙ ሰዎች ሁሉ ብርቱዋ እርሷ ሆና ሳለ ስም መነፈጓን ዛሬም ለበርኔት ይቅር አላልሁትም።) አንድ ሌሊት ስታን ከወዳጁ ጋር ማዕድ ቤት ተቀምጦ ትኩሱን የሻይ ስኒ ጉንጩ ላይ ያስጠጋና ሙቀቱ ከሚስት ጋር በፍቅር ሲሆኑ የግንባሯን ሙቀት እንደሚያስታውሰው ይናገራል። ወዳጁ ይስቅበታል። ስታን አይከራከርም፤ ስኒውን ያስቀምጣል። ከባለቅኔ የሚጠበቅ ቃል ከአራጅ አፍ ወጥቶ በሣቅ ተበተነ። እንዲህ ያለውን ቅጽበት ስንት ልብ ወለድ ጸሐፊ ገጽ ሙሉ ቢለፋ ያገኘዋል?

ሌላው የማልረሳው የሞተሩ ነገር ነው። ስታን ደመወዙን ተቀብሎ ከወዳጁ ጋር ያገለገለ የመኪና ሞተር ይገዛል። ሁለቱ እያቃሰቱ ያንን ብረት በጠባብ ደረጃ አውርደው ፒካፑ መኪና ጫፍ ላይ ያሳርፉታል። አንዱ ጣቱ ተጎድቷል፣ ደክሞታልም፤ ወደ ውስጥ እንግፋው ሲባል ይበቃል ይላል። መንገዱ ዳገት ነው። መኪናው ሲነሣ ሞተሩ ይወድቃል፣ ይሰነጠቃል። ትተውት ይሄዳሉ፤ እኛም ከመኪናው ኋላ ሆነን መሬት ላይ የቀረው ሞተር እየራቀ እያነሰ ሲሄድ እናያለን። ክፉ ሰው የለበትም፣ የመንግሥት እጅ የለበትም፣ ንግግርም የለበትም። ደመወዝ በአንድ ክንድ ርቀት ምክንያት አስፋልት ላይ ፈሰሰ።

ስለ ድህነትም ስታን የራሱ ሙግት አለው። ድሃ አይደለሁም ባይ ነው፤ ማስረጃውም አንዳንድ ጊዜ ለበጎ አድራጎት ድርጅት ዕቃ መስጠቱ ነው፤ የሚሰጥ ሰው እንዴት ድሃ ይባላል? ከእርሱ በታች ያለውን ጎረቤት ጠቅሶ ራሱን ያጽናናል። ይህን ስሰማ ገመና የሚለው ቃላችን ይመጣብኛል። ድሃ ቤት ገብቶ ማዕድ ቤቱን፣ ተኝተው የማይተኛኙትን ባልና ሚስት፣ ባዶውን ጣሳ መቅረጽ ቀላል ነው፤ ሀብታም ተመልካች እንዲያዝን፣ እንዲቆጣ፣ ወይም ገንዘብ እንዲያወጣ አድርጎ ማሳየትም ቀላል ነው። በርኔት ጓዳ ገብቶ ገመና ሳያወጣ ወጣ። ካሜራው እንደ ጨዋ እንግዳ የሚቀመጥበትን ያውቃል። በታወቀው የጭፈራ ትርኢት ስታን ከወገቡ በላይ ራቁቱን ሆኖ ከሚስቱ ጋር በመስኮቱ ብርሃን ፊት በዝግታ ይደንሳል፤ ዳይና ዋሽንግተን “ዚስ ቢተር ኧርዝ” የተባለውን ትዘፍናለች። ካሜራው አይንቀሳቀስም፣ አይቀርብም። ዘፈኑ ሲያልቅ ሚስቱ አጥብቃ ታቅፈዋለች፤ እርሱ ተላቅቆ ይወጣል። ለምን እንደ ወጣ አይነገረንም፤ እርሷም አልተነገራትም።

ያ ዘፈን ነው እንግዲህ መዘዝ ይዞ የመጣው። በርኔት ፊልሙን በጥቁር አሜሪካውያን የሙዚቃ ታሪክ ሞላው፤ ፖል ሮብሰን አለ፣ ሉዊ አርምስትሮንግ አለ፣ በዘመኑ አዲስ የነበረው ኧርዝ ዊንድ ኤንድ ፋየር አለ። ለትምህርት ቤት የተሠራ ስለ ነበር የዘፈኖቹን የባለቤትነት መብት የጠየቀ አልነበረም። ፊልሙ በ1981 በበርሊን ፌስቲቫል የሐያስያንን ሽልማት ሲያገኝና ሰው ሊያየው ሲፈልግ ግን መብቱን ሳይከፍሉ በሲኒማ ቤት ማሳየት እንደማይቻል ታወቀ። ስለዚህ በየዩኒቨርሲቲውና በየሙዚየሙ በተበጣጠሱ የ16 ሚሊሜትር ቅጂዎች እየዞረ ቆየ። በ1990 የአሜሪካ ኮንግረስ ቤተ መጻሕፍት የአገር ቅርስ ናቸው ብሎ ከሚመዘግባቸው ፊልሞች መካከል አስገባው። ልብ ይበሉ፤ አገሪቱ በቅርስነት የመዘገበችውን ፊልም ዜጋዋ ትኬት ቆርጦ ሊያየው አይችልም ነበር። የዘፈኖቹ መብት በመጨረሻ ሲከፈል ወደ 150,000 ዶላር ወጥቶበታል፤ ከፊልሙ ጠቅላላ ወጪ 15 እጥፍ መሆኑ ነው። ከፋዮቹን ካገዙት አንዱ ዳይሬክተሩ ስቲቨን ሶደርበርግ ነው። የዩኒቨርሲቲው የፊልም ቤተ መዛግብት ቅጂውን አድሶ፣ ማይልስቶን የተባለ አነስተኛ አከፋፋይ በ2007 ለሲኒማ ቤት አበቃው። ከተጠናቀቀ 30 ዓመቱ ነበር።

በእነዚያ 30 ዓመታት መካከል በርኔት አልተቀመጠም፤ ግን ዕጣ የተጣለበት ይመስል ፊልሞቹ ሁሉ መንገድ ላይ ይቀሩበታል። በ1983 የሠራው “ማይ ብራዘርስ ዌዲንግ” ፒርስ የተባለ፣ በወላጆቹ የልብስ ንጽሕና መስጫ የሚሠራ፣ ሠላሳ ዓመት ሞልቶት ገና ምን እንደሚሆን ያላወቀ ሰው ታሪክ ነው። ጠበቃው ወንድሙ ባለጠጋ ቤት ሊያገባ ነው፤ የልጅነት ባልንጀራው ደግሞ ከእስር በወጣ በጥቂት ጊዜ በመኪና አደጋ ይሞታል። ሠርጉና ቀብሩ በአንድ ቀን ይውላሉ። ፒርስ ሁለቱንም ሳይሆን ይቀራል፤ ቀብሩ ላይ ሳይደርስ፣ የሙሽራው ቀለበት እጁ ላይ ቀርቶ። ሠርግ ሲጠራ ለቀሶ ላይ መገኘት ያለበት ሰው ጭንቀት ለእኛ ማብራሪያ የሚያሻው አይመስለኝም። ገንዘብ ያወጡት ወገኖች በርኔት ገና ቆርጦ ያልጨረሰውን ቅጂ ለኒውዮርክ ፌስቲቫል ላኩት፤ የተሰነዘረበት ሒስ ቀዝቃዛ ስለ ነበር አከፋፋይ ጠፋ። ዳይሬክተሩ እንደ ፈለገው ያሳጠረው ቅጂ የታየው በ2007 ነው። ባገኘው ክፍተት ለባልንጀራው ለቢሊ ውድቤሪ በ1984 የወጣውን “ብለስ ዜር ሊትል ሃርትስ” የተባለ ድንቅ ፊልም ጻፈለት፣ ካሜራውንም ያዘለት።

በ1988 የማክአርተር ሽልማት ካገኘ በኋላ የሠራው “ቱ ስሊፕ ዊዝ አንገር” (1990)፣ በእኔ አተረጓጎም “ቁጣን ታቅፎ ማደር”፣ ለእኔ ምርጡ ሥራው ነው። ዕድሜያቸው የገፋ ባልና ሚስት፣ ጊዲዮንና ሱዚ፣ በሎስ አንጀለስ ዶሮ እያረቡ፣ አትክልት እየተከሉ ይኖራሉ። አንድ ቀን ከደቡብ የመጣ የጥንት ወዳጅ፣ ሃሪ፣ በራቸውን ያንኳኳል። የእግዜር እንግዳ ነውና አስገቡት። ዳኒ ግሎቨር የተጫወተው ይህ ሃሪ ቆቡን አውልቆ የሚሰግድ፣ ጨዋታ አዋቂ፣ አክብሮቱ ማር የሚያስንቅ ሽማግሌ ነው። አንድ ሕፃን በመጥረጊያ እግሩን ሲነካው ግን ፊቱ ይለዋወጣል፤ የደቡቡ ሟርት ከእርሱ ጋር ገብቷል። ጊዲዮን ታምሞ አልጋ ይይዛል፣ ወንድማማቾቹ ቢላዋ እስከ መማዘዝ ይደርሳሉ። ሃሪ ሰይጣን ይሁን ሰው በርኔት አልነገረንም። በመጨረሻ ሕፃኑ ባፈሰሰው ብይ ረግጦ ወድቆ በማዕድ ቤቱ ወለል ላይ ይሞታል፤ ሬሳውን የሚያነሣ የመንግሥት ሰው ስለ ዘገየ ቤተሰቡ በተሸፈነው ሬሳ ዙሪያ ሲመላለስ ይውላል። ያልተፈለገ እንግዳ ሞቶ እንኳ አልሄደም! ሣቁና ፍርሃቱ እንዲህ በአንድ ድስት የተሠራበት ፊልም ብዙ አላየሁም። የአሜሪካ ብሔራዊ የፊልም ሐያስያን ማኅበር ምርጥ የፊልም ጽሑፍ ብሎ ሸለመው፤ ለጥቁር ጸሐፊ የመጀመሪያው ነበር። ሲኒማ ቤቶቹ ግን በሚገባ አላሳዩትም፤ ያስገባው ገንዘብ ወጪውን እንኳ አልሸፈነም።

ከዚያ በኋላ ያሉትን ዓመታት ቶሎ ልለፋቸው። የፖሊስ ፊልም ሠራ፣ ለቴሌቪዥን ሠራ፣ በ2007 ስለ ናሚቢያ የነጻነት ትግል ሰፊ ፊልም ሠራ። ከእነዚህ መካከል ፊደል ወዳድ አንባቢ ፈልጎ ሊያየው የሚገባው ለዲዝኒ ቻናል በ1996 የሠራው “ናይትጆን” ነው። አንዲት ባሪያ ሆና የተወለደች ልጅ ከአንድ ባሪያ በስውር ፊደል ትቆጥራለች፤ ባሪያን ማንበብ ማስተማር አካል የሚያስቆርጥ ወንጀል በሆነበት ዘመን። ለልጆች ቴሌቪዥን የተሠራ ቢሆንም በርኔት የልጅቱን ፊት የሚያይበት ዐይን ስታንን ያየበት ዐይን ነው።

ከሁሉ የሚያሳዝነኝ “ዚ አናይሌሽን ኦቭ ፊሽ” የገጠመው ነው። ጃማይካዊው ደራሲ አንተኒ ዊንክለር የጻፈው፣ ጄምስ ኧርል ጆንስ ከማይታይ ጋኔን ጋር የሚታገል ሽማግሌ፣ ሊን ሬድግሬቭ ደግሞ የሙት አቀናባሪ የፑቺኒን መንፈስ ያፈቀረች ሴት ሆነው፣ ማርጎት ኪደር ባከራየቻቸው ቤት በስተርጅና የሚፋቀሩበት ፊልም ነው። በ1999 በቶሮንቶ ፌስቲቫል ታየ። አንድ የሙያ ጋዜጣ ክፉኛ ነቀፈው፤ ሊገዙት የነበሩትም ሸሹ። ታድሶ ለሲኒማ ቤት የበቃው በ2025 ነው። ሬድግሬቭ በ2010፣ ኪደር በ2018፣ ጆንስ በ2024 አርፈዋል። ሦስቱም ከሲኒማ ቤት ተመልካች ጋር ፊልሙን ሳያዩ ሄዱ።

አካዳሚው በ2017 ለበርኔት የክብር ኦስካር ሰጠው፤ በውድድር አንድ ጊዜ እንኳ ለኦስካር ታጭቶ አያውቅም ነበር።

“በግ ገዳይ” በ2007 ሲወጣ አንድ ጉድለት ነበረበት። በመጨረሻው ትርኢት በርኔት ያስገባው የዳይና ዋሽንግተን “አንፎርጌተብል” ነበር፤ የዚያች ዘፈን መብት ብቻ ስላልተገኘ የጭፈራው ዘፈን በቦታዋ ተደገመ። በ2025 ፊልሙ እንደገና ታድሶ ሲወጣ ግን ዘፈኗ ወደ ቦታዋ ተመልሳለች። በርኔት ያን ጊዜ 81 ዓመቱ ነበር። ስታን በቄራው ውስጥ በጎቹን ወደ ፊት እየነዳ፣ ዳይና ዋሽንግተን ከ48 ዓመት በፊት የተመረጠላትን ዘፈን ትዘፍናለች።